መቃኑ ላይ ያሉት መስመሮች

አርት ዳይሬክተሯ በሠላሳ ዓመት ውስጥ ለፊልም ያልሠራችው ዓይነት ቤት የለም፤ የራሷን ቤት ግን በቅጡ አልኖረችበትም። ወገቧ አልቋል።

የአሁኑ ፊልም በስድስት ዓመቱ ስለሚሞት ልጅ ነው። እናቱ በየልደቱ መጽሐፍ አናቱ ላይ አድርጋ ቁመቱን የለካችው እንዲመስል፣ ለፊልሙ በሠራችው ቤት የሳሎን በር መቃን ላይ በእርሳስ አራት መስመር አሰመረች፤ ከሦስት እስከ ስድስትም ጻፈችባቸው። እርሳሷን እንደ ልማዷ ጥቅልል ፀጉሯ ውስጥ ሰካች።

በማግስቱ ከስድስቱ በላይ አዲስ መስመር ጠበቃት። «ሰባት» ይላል።

«ምን ነካህ? በእኔ ድካም ትቀልዳለህ?» አለችው አብሯት የሚሠራውን ቀለም ቀቢ።

«እርስዎ ይሙቱ እትዬ፣ እጄን አላሳረፍኩበትም!»

በላጲስ አጠፋችው። በነጋታው «ስምንት» መጣ። አጠፋችው፤ «ዘጠኝ» መጣ።

«በዚህ አያያዙማ ፊልሙ ሳያልቅ ሚስት እንፈልግለታለን» ብሎ ሳቀ ቀለም ቀቢው። እሷ ለመቆጣትም አቅም አጣች፤ በሳምንቱ ማጥፋቱንም ተወችው።

በመጨረሻው የቀረጻ ቀን ሁሉም ምሳ ሲወጡ ብቻዋን ቀረች። የላይኛው መስመር አሁን ከእሷም ቁመት አልፏል። ወንበሮቹ ለካሜራ ተለክተው ስለተቀመጡ ልታነቃንቃቸው አልፈለገችም፤ ጀርባዋን መቃኑ ላይ አስደግፋ ዓይኗን ጨፈነች።

መጽሐፍ የመሰለ ጠፍጣፋ ነገር አናቷ ላይ ቀስ ብሎ ተጫነ። ሳታስበው እንደ ልጅ አንገቷን ቀጥ አደረገች።

እርሳሱ ከፀጉሯ ውስጥ ተመዘዘ።