ዘግይቶ የሚመጣ ሳቅ

በዚያ ዘመን የሟች ድምፅ እንዲቀመጥ የሚፈቀደው አንድ ቦታ ብቻ ነበር፤ ሟቹ አብዝቶ በሳቀበት። የትርንጎ ባል የዘርጋው ድምፅ የተቀመጠው በሕፃናት መዝናኛው ውስጥ፣ የጅብ ዋሻው ጋ ነው። ትርንጎም በየእሑዱ ቆሎ ቋጥራ በመዝናኛው ትንሽ ባቡር ወደ ዋሻው ትገባለች።

ዋሻው ውስጥ የቀጥቃጭ አሻንጉሊት መዶሻውን ጥሎ ጅብ ይሆናል። ቀጥቃጮች ተሰደብን ብለው አቤት ስላሉ ሊፈርስ ነው። ዘርጋው ራሱ የቀጥቃጭ ልጅ ነበር፤ ድምፁ እዚያ ስላለ ግን ዋሻው ያለ ትርንጎ ፈቃድ አይነካም።

«እማዬ፣ እንቢ በይ» አለች ልጇ ስንዱ፣ የቆሎውን ዘንቢል ተሸክማ። «ድምፁ አብሮ ይጠፋል።»

«መጀመሪያ እንግባ።»

አሻንጉሊቱ ጅብ ሲሆን ተሳፋሪው ሁሉ ሳቀ። የዘርጋው ሳቅ ግን አልተሰማም። ቀጥሎ ድምፁ፣ ስንዱ ሕፃን ሳለች ይላት እንደነበረው፣ በሹክሹክታ፣ «አትፍሪ ስንዱዬ። አያትሽ ጅብ ቢሆን ያን ሰነፍ አህያችንን ይተወው ነበር?» አለ። ከዚያ ዘግየት ብሎ፣ ከሁሉም ጮክ ብሎ ሳቀ።

«ለእኔ ብሎ ነው የሳቀው» አለች ስንዱ ቀስ ብላ።

«ሁልጊዜም።»

ውጭ ትርንጎ የማፍረሻ ፈቃዱን ፈረመች። ከሚጠብቁት አፍራሾች አንዱ መዶሻ ሲያቀብላት፣ «የራሴን ይዣለሁ» ብላ ከዘንቢሉ የቀጥቃጭ አማቷን መዶሻ አወጣች።

«ከቤት ስንወጣ ወስነሽ ነበር ማለት ነው?» አለች ስንዱ።

«ታዲያ ቆሎ እንዲህ ይከብዳል?»

አፍራሾቹ ሳቁ። ስንዱ የቀለለውን ዘንቢል አየች። ከዚያ ዘግየት ብላ፣ ከሁሉም ጮክ ብላ ሳቀች።