የጋትኩዋት የሕይወት ታሪክ

«‹ሰው አክባሪ፣ ተጫዋች፣ ለተቸገረ ደራሽ› ብዬ አልጽፍልሽም» ትላለች ሪድዋና፣ ጣቶቿን ኪቦርዱ ላይ እያስሮጠች። «ሁሉም የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። ሙት ወቃሽ አያድርገኝ እንጂ፣ ወላሂ፣ እዚህ ቤት ከጻፍኩላቸው ሟቾች መሃል አንድም ቁጡ የለም! ታዲያ በዚህ ከተማ ሲጣላ የሚውለው ማነው?»

ኛቡዋይ መሳቅ እንዳለባት ይገባታል። ፊቷ ግን አልታዘዝ ብሏታል። ጋትኩዋት ወባ ጥሎት ካረፈ ወዲህ የሰው ድምፅ የሚደርሳት ከግድግዳ ወዲያ እንደሚወራ ወሬ ነው። አላለቀሰችም። ሰዉ ምን ነካት እያለ ነው፤ ይበል።

ቀብሩ ዛሬ ከሰዓት ነው። ገጠር ቢሆን ኖሮ ማን ወረቀት ያነባል? ሟቹን ሁሉም ያውቀዋል። ጋምቤላ ከተማ ግን ሌላ ነው፤ በሾፌርነት የሠራበት መሥሪያ ቤት ሰዎች ይመጣሉ፣ ቸርቹ ይሞላል፣ የሕይወት ታሪኩም በአማርኛ ይነበባል። ወደ ሪድዋና ኮፒ ቤት የመጣችው ለዚሁ ነው። ከኋላዋ የሟቹ አጎት፣ ሽማግሌው ሩአች፣ በራፉ ላይ ፕላስቲክ ወንበር ስበው ተቀምጠዋል።

«ሌላው ስህተት የሰው ፋይል መገልበጥ ነው» ሪድዋና ቀጥላለች። «አንዱ ቤት ገልብጠው ስሙን መቀየር ረሱና አንድ ሟች ሁለቴ ተቀበረ! እኔ ከባዶ ነው የምጀምረው። አብሽሪ እህቴ፣ ዝም ብለሽ ንገሪኝ። እሱ ያደረገውን፣ በዓይንሽ ያየሽውን።»

ኛቡዋይ ትንሽ ታስባለች። «በጎርፉ ዓመት ኢታንግ ነበርን። ልጄ ኮንግ ገና ትንሽ ነው፣ ትኩሳት ይዞታል። መንገዱ ሁሉ ውሃ፣ መኪና የለም። ጋትኩዋት ትከሻው ላይ አድርጎት ወደ ጤና ጣቢያ ሄደ። ውሃው እዚህ ድረስ ነው።» ደረቷን ትነካለች። «እንዳይፈራ መንገድ ሙሉ ይዘፍንለት ነበር። ዘፈን ደግሞ አይችልም።»

«ይኸው! አባት ማለት ይሄ ነው!» ሪድዋና ቸኩላ ትጽፍና ድምፅዋን ከፍ አድርጋ ታነባለች። «‹የሦስት ልጆች አባት የነበረው ጋትኩዋት...›»

«ልጅ የለውም» ይላሉ ሩአች ከበራፉ።

የሪድዋና ጣቶች ቀጥ ይላሉ። «እንዴ፣ አባባ! ኮንግስ? ኛቹዎልስ? ትንሿ ኛኩዋትስ? በየመስከረሙ የትምህርት ቤት ወረቀታቸውን ኮፒ ሊያስደርግ እዚህ የሚመጣው ማን ነበር? አፍንጫቸው እንኳ ቁርጥ እሱን!»

«የቱት ልጆች ናቸው።» ሽማግሌው አይቆጡም፤ ለልጅ እንደሚያስረዳ ሰው ረጋ ብለው ነው የሚናገሩት። «ቱት የጋትኩዋት ታላቅ ወንድም ነው። ለእሷ የጥሎሽ ከብት የተነዳው በቱት ስም ነው። ቱት ልጅ ሳይወልድ ሞተ። ታናሹ በእሱ ቦታ ገባ፣ ወለደለት። ልጅ የሚሆነው ለከብቱ ባለቤት ነው። እኛ ጋ እንዲህ ነው።»

ሪድዋና ወደ ኛቡዋይ ትዞራለች። ኛቡዋይ ምን ትበል? የዋሸ ሰው የለም። ወጉን ታውቀዋለች፤ ጋትኩዋትም ያውቀው ነበር። «የወንድሜ ልጆች» እያለ ለሰው ሲያስተዋውቃቸው አንድ ቀን ፊቱ አልጠቆረም። እሷ የፈለገችው ዛሬ ብቻ፣ አፈር ሳይለብስ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ አንዴ «አባት» ተብሎ እንዲጠራ ነው። ሌላ ሰው ሳትልክ ራሷ የመጣችው ለዚህ ነበር።

«አባባ፣ ለዛሬ ብቻ ይጻፍለት» ትላለች።

ሩአች አንገታቸውን ይደፋሉ። እሳቸውም የሚቀብሩት ልጃቸውን ያህል ነው፤ ዓይናቸው ቀልቷል። «ልጄ፣ ይሄ ከተጻፈ ቱት ይሞታል። አንዴ ሞቷል፣ ይበቃዋል። የጋትኩዋትም ስም አይጠፋም፤ እኛ አለን። ኮንግ ሲያድግ በአጎቱ ስም ሚስት ያገባለታል፣ ይወልድለታል።»

ኮንግ ይወልድለታል። ልጁ ለአባቱ ልጅ ይወልድለትና ያኔ ጋትኩዋት አባት ይባላል። ይህን ሰምቶ ሰው ይስቃል ወይ ይጮኻል። ኛቡዋይ ግን ብትጠብቅም ሳቁም ጩኸቱም አልመጣ ይላታል። ሆድ ይፍጀው።

«አጥፊው» ትላታለች ሪድዋናን።

ሪድዋና ታጠፋዋለች። «‹ለወንድሙ ልጆች እንደ አባት የነበረ› ልበል?» ስትል ሽማግሌው ራሳቸውን ነቅንቀው እሺ ይላሉ። የጎርፉ ታሪክም ይቀመጥ ይላሉ፤ አጎትም ቢሆን ልጅ ይሸከማል። ቀጥሎ ሪድዋና ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ባለትዳርስ ልበል?» ትላለች።

ሩአች ወደ መንገዱ ያያሉ። አንድ ባጃጅ አቧራ አስነስቶ ያልፋል። ይህን እሳቸው እንዲመልሱት ኛቡዋይ አልፈለገችም።

«እኔ የቱት ሚስት ነኝ» ትላለች።

ሪድዋና ጽፋ ትጨርስና ስክሪኑን ወደ እሷ ታዞርላታለች። «አንብቢው፣ እህቴ። ቀብር ላይ ሰው የሚቀየመው ስሙ ሲረሳ ነው። የቀረ ሰው ካለ አሁን ንገሪኝ።»

ኛቡዋይ በጣቷ እየተከተለች ታነባለች። አባቱ አሉ፣ እናቱ አሉ። ቱት አለ። አጎቱ ሩአች አሉ፣ የመሥሪያ ቤቱ ባልደረቦች አሉ፣ የወንድሙ ልጆች ሦስቱም በየስማቸው አሉ። የእሷ ስም የለም። ከላይ እስከ ታች አንድም ስህተት የለበትም።

«የቀረ የለም» ትላለች። «አትሚው።»