አምስት አምፒር

«አያቴ፣ እስክነግርሽ ድረስ ምንም እንዳትሰኪ!» ትላለች ላሚስ ዓይኗን ከስክሪኑ ሳትነቅል። «ያለን አምስት አምፒር ነው። ፍሪጁን እንኳ ነቅዬዋለሁ።»

«ምን ልሰካ ብዬ ነው? ሕፃን አደረግሽኝ እኮ!»

የልጅ ልጄ የኮምፒውተሯን ባዮስ እየቀየረች ነው። ማሽኑ ሲነሳ ከሁሉ አስቀድሞ የሚያነበው፣ ማን እንደሆነ የሚያስታውሰው እሱ ነው ብላኛለች። አጎቷ በስንት ልመና ከቤይሩት ያመጣላትን አዲስ ፕሮሰሰር አሮጌው ባዮስ አላውቅህም ብሎታል። ስለዚህ በአንድ ፕሮግራም እሱን ታጠፋና ራሷ ያስተካከለችውን ትጽፍበታለች። መሀል ላይ መብራት ከተቋረጠ ማሽኑ ሬሳ ነው። ሰኞ ደግሞ ለዱባዩ ድርጅት ሥራ የምትጀምረው በዚሁ ነው፤ ሌላ የላትም።

የመንግሥት መብራት ከጠፋ ሰንብቷል። የምንኖረው ለሰፈሩ መብራት በሚሸጠው በአቡ ዙህዲ ጄኔሬተር ነው፤ በወር ከፍለን አምስት አምፒር ብቻ ይሰጠናል።

ልጅቷ ግን ከጠዋት ጀምሮ እህል አልቀመሰችም። ደግሞ ታስላለች፤ አባቷን በልጅነቱ ሆስፒታል ያስተኛው ዓይነት ደረቅ ሳል። ትንሽ እንስላል ባፈላላት ምን አለበት? ጋዙን እፈራዋለሁ፤ ጎማው አርጅቷል፣ አንድ ቀን ይዞን የሚነድ ይመስለኛል። የኤሌክትሪክ ማንቆርቆሪያውን እሰካለሁ። ለአንድ ኩባያ ውሃ ብቻ ነው።

እንስላሉን ኩባያው ውስጥ በተን እያደረግኩ ወደ ሳሎን ስመለስ፣ ጧ! ቤቱ ጭልም ይላል።

ላሚስ አትጮህም። «ሊያልቅ ነበር» ትላለች በቀጭን ድምፅ። «ሊያልቅ ምንም አልቀረውም ነበር።»

«ይሄ አቡ ዙህዲ!» እላለሁ። አፌ ከየት እንዳመጣው አላውቅም። «እጁን ይቁረጠው! አጠፋብን!»

ወደ በረንዳው ትሮጣለች። «አቡ ዙህዲ! ዛሬን ብትታገሰኝ ምን ነበረበት? ገደልከኝ እኮ!»

«እኔ ምን አደረግኩ?» ይላል ከታች፣ የናፍጣ ጄሪካኑን እንዳንጠለጠለ። «ሞተሩ ሲያጓራ አይሰማሽም? የጎረቤትሽን መስኮት እይ! የወረደው የራስሽ ብሬከር ነው፤ ከአምስት አምፒር አልፈሻል። እኔን ከምትሰድቢ፣ ማን ምን እንደሰካ ቤትሽን ጠይቂ!»

ደጅ የተቀመጡት ወንዶች ይስቃሉ። እውነትም የሁሉም መስኮት በርቷል። ጆሮዬ ይግላል። አሁን ልንገራት እላለሁ፤ ኩባያውን አጥብቄ እይዛለሁ።

«ይቅርታ፣ አቡ ዙህዲ» ትላለች ላሚስ አንገቷን ደፍታ። ልጄ እኔ ላጠፋሁት ይቅርታ ስትጠይቅ ቆሜ እሰማለሁ።

ኮሪደሩ ላይ ሄዳ ብሬከሩን ታነሳለች። መብራቱ ይመጣል። የማሽኑን ቁልፍ ትጫናለች፤ ማራገቢያው ይዞራል፣ ስክሪኑ ጥቁር ነው። ደግማ ትጫናለች። ጥቁር። ሁለታችንም ማሽኑን እናዳምጣለን።

ከወጥ ቤት ውሃው እንደገና መንሾክሾክ ይጀምራል።

ላሚስ ቀስ ብላ ወደ እኔ ትዞራለች። ኩባያው እስካሁን በእጄ ነው፤ እንስላሉ ሥሩ ላይ ደረቁን ተቀምጧል።