በቆሎው ተሰብስቦ ሳያልቅ

ሽማግሌ ላይማን ቴየር በዘር ወቅት፣ ከሳንቃው መድረክ ላይ ቆመው «የዘንድሮው በቆሎ ተሰብስቦ ሳያልቅ ደሜ በሰው እጅ ይፈሳል፤ ጌታ ነግሮኛል» ባሉ ጊዜ ሴቶቹ ሁሉ አለቀሱ። ከምእመናኑ አንዱ፣ አሳሄል፣ አላለቀሰም። ጠመንጃውን አንሥቶ ሄደና የሽማግሌው ደጅ ላይ ተቀመጠ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ጥላቸው ሆነ። ሲጸልዩ በር ላይ ነው፤ ሰው ሲያጠምቁ እስከ ጉልበቱ ውሃ ውስጥ ቆሞ ወዲያ ማዶ ያያል። የአባቱን እርሻ ሸጦ ከኦሃዮ እስከ ሚሲሲፒ ወንዝ ዳር የመጣው በኒህ ሰው ቃል ነው። ሁለት ልጆቹን መንገድ ላይ በወባ ቀብሯል። ሽማግሌው ግን «በትንሣኤ ማለዳ ሁለቱንም ትታቀፋቸዋለህ» ብለውታል። እሱና ሚስቱ ኬዛያ የሚኖሩት በዚያች ቃል ነው፤ ሌላ የቀራቸው ነገር አልነበረም።

ወዲያ ማዶ ክራንዳል የሚባል ባለወፍጮ አለ። የሽማግሌውን እምነት ተከታዮች ሞርሞን ይሏቸዋል፤ እሱም «ሞርሞን የሚባል ከዚህ አገር ካልጠፋ እንቅልፍ አይወስደኝም» የሚል ሰው ነው። ሐምሌ ላይ ሁለት ጎተራ አቃጥሎባቸዋል። የእሱ ሰዎች ሲመጡ እንዳይለዩ ፊታቸውን ጥላሸት ይቀባሉ። እንግዲህ የሽማግሌው ደም በማን እጅ እንደሚፈስ ለማወቅ ነቢይ መሆን አያስፈልግም ነበር።

መስከረም አልፎ ጥቅምት ገባ። በቆሎው ከየማሳው እየተለቀመ ጎተራ ገባ። ሽማግሌው ግን ደህና ናቸው፤ እንዲያውም ወፈር ብለዋል።

ሰው መቼም አፉን አይዘጋም። «ሞት ቀጠሮ ሰጥቷቸው ቀረ እኮ!» አለ አንዱ፣ ጋሪው ላይ ጆንያ እየጫነ። «እኔ ለሐሰተኛ ነቢይ ብዬ ሁለተኛ ክረምት አልራብም።» ሦስት ቤተሰብ ጓዙን ጫነ። የቀረውም ዓይኑ መንገዱ ላይ ነበር።

ይባስ ብሎ ክራንዳል ነጭ ጨርቅ በእንጨት ሰቅሎ በጀልባ ተሻገረ። የአውራጃው ዳኛ አስፈራርቶት ነው አሉ። ከሽማግሌው ጋር የበቆሎ ቂጣና የአሳማ ሥጋ በላ፤ ተጨባብጠው ተለያዩ።

አሳሄል ጀልባዋ እስክትርቅ አፍጥጦ አያት። «ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው፣ ሽማግሌ። አይመኑት።»

«ኧረ ተወኝ፣ ወንድም አሳሄል» አሉና ሳቁ። «ሰውዬው ደክሞታል፤ እኔም ደክሞኛል። ጌታ ለሕዝቅያስ ዕድሜ ጨምሮለት የለ? ለእኔም ጨምሮልኛል። እሁድ ለሕዝቡ እነግራለሁ።»

«ምን ብለው?»

«ቃሉ ተለውጧል ብዬ ነዋ!»

«የእርስዎ ማሳ ገና አልተለቀመም» አለ አሳሄል። «የቀረው እሱ ብቻ ነው። ቀኑ ገና አላለፈም፣ ጌታዬ።»

«ነገ ያልቃላ!» ትከሻውን መታ መታ አደረጉት። «ጠዋት ብቻዬን ገብቼ ልጸልይበት፤ ከዚያ ወንድሞች ይልቀሙታል። አንተም ነገ እረፍ። ሚስትህ መልክህን ረስታዋለች።»

በማግስቱ ሽማግሌው ብቻቸውን ማሳው ውስጥ ገቡ። አሳሄል አላረፈም። ኬዛያ ያቀረበችለትን ገንፎ ሳይነካ ጠመንጃውን ይዞ በወንዙ በኩል ወረደ። እሷ በር ላይ ቆማ አየችው፤ አልጠራችውም።

ረፋዱ ላይ አንድ ተኩስ ተሰማ።

መበለቷ እህት ዶርቃስ ልብስ ታሰጣ ነበር። «አየሁት! ፊቱን ጥላሸት የተቀባ ሰው ከበቆሎው ወጥቶ ወደ ወንዙ ሮጠ! ኧረ ድረሱ!»

ሰው ግር ብሎ ደረሰ። ሽማግሌው በአገዳው መካከል በጀርባቸው ወድቀዋል። ጥይቱ ደረታቸውን ከፊት መቶታል፤ ዓይናቸው እንደ ተገለጠ ነው፤ ፊታቸው ላይ ከፍርሃት ይልቅ ግርምት ነበር። አሳሄል ከወንዙ በኩል ሮጦ መጣ፤ ከራሱ ውሃ ይንጠባጠባል። «አልደረስኩበትም... ጀልባው...» አለ። ሬሳውን አቅፎ እንደ ሕፃን ተንሰቀሰቀ። የማስመሰል ልቅሶ አልነበረም።

የተጫኑት ጋሪዎች እዚያው መራገፍ ጀመሩ። ሲሳለቅ የነበረው ሰውዬ ጭቃው ላይ ተንበርክኮ ደረቱን ይደቃ ነበር። «ቃላቸው አንዲት እንኳ መሬት አልወደቀችም! በቆሎው ሳያልቅ አሉ፤ ይኸው ሳያልቅ!»

ጠመንጃ ያለው ጠመንጃውን፣ የሌለው መጥረቢያውን ይዞ ተሻገረ። ምሳ ሰዓት ላይ የክራንዳል ወፍጮ ይጨስ ነበር። ሰውዬው እጁን አንሥቶ «በልጆቼ እምላለሁ፣ ዛሬ ከቤቴ አልወጣሁም!» ቢል ማን ይስማው። በገዛ ወፍጮው ወጋግራ ላይ ሰቀሉት።

አሳሄል አብሯቸው አልሄደም። ሽማግሌውን በእጁ አጥቦ ነጭ ልብሳቸውን አለበሳቸው።

ከሰዓት በኋላ ሕዝቡ መድረኩ ሥር ተሰበሰበ። መሪያቸውን የሚቀበሉት ቀኝ እጅ አንሥተው ነው። የተጠራው የአሳሄል ስም ብቻ ነበር፤ እጁን ያላነሣ አልነበረም። «የሚቃወም አለ?» ተባለ። አንድም እጅ አልተነሣም።

አሳሄል መድረኩ ላይ ከመውጣቱ በፊት ንጹሕ ሸሚዝ ሊቀይር ቤቱ ገባ። ኬዛያ የሸሚዙን ቁልፎች ቆለፈችለት።

«ልጆቻችንን እናያቸዋለን፣ አይደል?» አለችው።

«እናያቸዋለን። ቃሉ እንደሆነ ተፈጽሟል።»

ራሷን ነቀነቀችና የጨርቋን ጫፍ ባልዲው ውስጥ ነከረች።

«ዞር በል» አለችው። «ሕዝቡ ሳያይህ ልጥረግልህ፤ ከጆሮህ ኋላ ጥላሸት ቀርቷል።»