የለምለም ዝሆኖች

«ጠይቂው፣ የት ነው መቆም ያለብን?» ይላል ኡሳማ በዓረብኛ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ።

ማዳም ስልኩን ከሄል ቅመም ቆርቆሮው ጋር አስደግፋ አቁማላታለች። የለምለም እጆች የሩዝ ውሃ ውስጥ ናቸው። ዓርብ ነው፤ የማዳም እህቶች ከነልጆቻቸው ለምሳ ወደዚህ ወደ ኩዌቱ ቁርጡባ ሰፈር ይመጣሉ፣ ሥጋው ገና መጣዱ ነው። ግን የማዳም ልጅ ኡሳማ ኢትዮጵያ፣ ጫካ ውስጥ ነው። እንግሊዝኛ የሚችለው አስጎብኚ ሆዱን ታሞ ድንኳን ቀርቷል። ስድስቱን ጎብኚዎች ይዞ የወጣው የፓርኩ ጠባቂ ደግሞ ዓረብኛም እንግሊዝኛም አይሰማም።

«እንደምን አደርክ ወንድሜ» ትላለች ለምለም ወደ ስልኩ ጎንበስ ብላ። «የት እንቁም ይላሉ።»

«ተመስገን፣ ሰው ተገኘ። ለማ እባላለሁ። በጥቅሻ ሳዛቸው ዓይኔ ሊጠፋ ነበር» ይላል ጠባቂው። «እዚሁ ድንጋዩ ጋ ይሁኑ። ነፋሱ ለጊዜው ወደኛ ነው። ከዞረ ግን የዚህ ስልኩን የያዘው ልጅ ሽቶ ከሁላችን ቀድሞ ዝሆኖቹ ጋ ይደርሳል። እበታቸውን ይቀባበት፣ ያውና ትኩስ አለ።»

ለምለም እበቱን በዓረብኛ ጭቃ ታደርገዋለች። ስንት ዓመት በዚህ ቤት፣ ከአንዱ አፍ የወጣውን ለሌላው ጆሮ አለስልሳ ነው የምታቀብለው።

«ጭቃ?» ትላለች ማዳም እየሳቀች። «ልብሱን በዑድ ያጠንኩት እኔ ነኝ እኮ።»

ኡሳማን በልጅነቱ በዝሆን ወሬ ያስተኛችው ለምለም ናት። እናቷ በቆሎው መሀል ቆማ ቆርቆሮ እየደበደበች ዝሆን ስትመልስ፤ ድምፅዋ ከቆርቆሮው ሲበልጥ። ልጁ አደገ፣ ጢም አወጣ፣ የለምለምን አገር ኮንታን ኢንተርኔት ላይ ፈልጎ አገኘ፣ ጥቂት ሰው ብቻ የሚይዝ ጉብኝት ላይ ተመዘገበ። ሲሄድ «እናትሽን ሰላም ልበልልሽ?» አላት። የለችም አለችው፣ ጸበል ገብታለች። ወንድሟ አንተነህ እንደዚያ ነው የሚላት፤ ሩቅ ገዳም ነው፣ ስልክ አይገባም። ከፋሲካ ወዲህ ድምፅዋን አልሰማችም። ጸበል ጊዜ ይፈልጋል ትላለች ለራሷ። ትላለች እንጂ ስልክ በጠራ ቁጥር ሮጣ ታነሳለች።

«አንቺስ የት ነሽ?» ይላል ለማ። ዝሆኖቹ እስኪመጡ ወሬ ፈልጓል።

«ኩዌት።»

«እሱንማ ነገሩኝ። አገርሽን ነው።»

ለምለም ከሩዙ አንድ ጭብጥ አፍሳ መልሳ ትለቀዋለች። ንገሪው። አትንገሪው።

«እዚያው ነው። የኮንታ ልጅ ነኝ» ትላለች። «የእማማ ዘርፌ ልጅ።»

ለማ ወደ ስልኩ ሲጠጋ እርምጃው ይሰማል።

«የአንተነህ እህት?» ይላል ለማ። ድምፁ ሌላ ሆኗል። «ወይ እህቴን። እግዚአብሔር ያጽናሽ። ቀብራቸው ላይ ነበርኩ፤ አገር ነው የወጣላቸው። ለምለሜን ሳላያት ሳላያት እንዳሉ ነው አሉ ...» ይቆማል። «ሰምተሻል አይደል? መቼም ነግረውሻል።»

ሰው አገር ላለች ሴት መርዶ በስልክ አይነገርም። ለምለም ይህን ታውቃለች። ሱራ ሰፈር የምትሠራው ጓደኛዋ የሰብሪና አባት የሞቱ ጊዜ እሷም ካወቁት አንዷ ነበረች፤ ደህና ናቸው አሉ ስትላት ከርማለች።

ጠባቂው መልስ እየጠበቀ ነው። ዝም ካለችው መርዶ ነጋሪው እሱ መሆኑ ይገባዋል፤ ከገባው ደግሞ ዕድሜ ልኩን ይዞት ይዞራል።

«ሰምቻለሁ ወንድሜ» ትላለች። «ቆየ።»

«ተመስገን» ይላል፣ ትንፋሹ ሲወጣ ይሰማታል።

«ምን አለ? ብዙ ተናገረ» ይላል ኡሳማ።

ለማ ይቀድማታል፣ በሹክሹክታ። «መጡ። ማንም ድምፅ እንዳያሰማ በያቸው። ግልገል ይዘዋል፤ ከሰሙን አይምሩንም።»

«ዝም በሉ አለ» ትላለች ለምለም። «ዝሆኖቹ መጥተዋል፣ ዝም በሉ።»

ኡሳማ ስልኩን ያዞረዋል። መጀመሪያ ሣሩ ይከፈላል፣ ከዚያ አመድ የመሰለ ጀርባ፣ ከዚያ ጆሮ። ግልገሉ በእናቱ ሆድ ሥር እየተሽሎከሎከ ይከተላል። ማዳም ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ በሌላው እጇ የለምለምን ትከሻ ጭምቅ ታደርጋለች። ደስ ብሏታል።

አገር ቤት ቢሆን አሁን ለምለም ደረቷን እየመታች ደጅ በወጣች ነበር። ጎረቤት ጩኸቷን ሰምቶ በመጣ፣ በያዛት። ስልኩ ግን ክፍት ነው። እዚህ ብትጮህ ጩኸቷ እዚያ ከኡሳማ እጅ ውስጥ ነው የሚወጣው፣ አዝላ ካሳደገችው ልጅ እጅ፣ ግልገል የያዘችው ዝሆን ፊት። ከንፈሯን ትነክሳለች። ዛሬ ጠዋት እንኳ ቤቱ ሳይነቃ ተንበርክካ በክርስትና ስሟ፣ እናቴን ወለተ ሥላሴን ፈውስልኝ ብላለች። ከሕያዋን ጋር ነው የጠራቻት።

ዝሆኖቹ አይቸኩሉም። አንዷ ቆማ ቅርንጫፍ ትሰብራለች፤ ሲሰበር ወጥ ቤቱ ውስጥ ይሰማል። የመጨረሻው ጅራት ሣሩ ውስጥ ይገባል።

«ለምለም» ይላል ኡሳማ በሹክሹክታ፣ ደስ ብሎት። «ጠይቂው። ኸላስ? አለቀ? አሁን መናገር ይቻላል?»

«ወንድሜ» ትላለች። «አሁን መናገር ይቻላል ወይ ይላሉ።»

«ገና ነው እህቴ። አልራቁም።»

«ገና ነው» ትላለች ለምለም በዓረብኛ።

ስክሪኑ ላይ የሚወዛወዝ ሣር ብቻ ቀርቷል። ውሃው ውስጥ የጨበጠችው ሩዝ መዳፏ ላይ ደቅቆ፣ በጣቶቿ መሀል ነጭ እየሆነ ይወጣል።