በተደፈነው ጉድጓድ ላይ የበቀለ ፍሬ

አያቴ ገና ከመኪናው ሳትወርድ ታሽሟጥጣለች። "ይሄ ነው እንግዲህ የደከማችሁበት? ዛፎቹ እንደ ወታደር ተሰልፈዋል እኮ።"

"እኔ ነኝ የተከልኳቸው፣ ኮኩም" እላታለሁ። እኛ ጋ አያት ኮኩም ነው የምትባለው።

ተሰልፈዋል፣ እውነቷን ነው። ሲነገረኝ ግን ቅር ይለኛል። ድሮ እዚህ ጫካ ውስጥ ከባሏ ጋር ወጥመድ ትዘረጋ ነበር። ከዚያ ኩባንያው መጥቶ ነዳጅ ያዘለውን አሸዋ ቆፍሮ ወሰደው። ከቆፋሪዎቹ አንዱ አባቴ ነው፤ ያሳደገንም በዚያው ደሞዝ ነው፣ ምን ይባላል። የእኔ እንጀራ ደግሞ ጉድጓዱን መድፈንና መትከል ሆነ። ነዳጁ ገዢ ያጣ ቀን አገሩ የሚኖረው በዚህ ሥራ ነው ይላሉ።

አብራን የመጣችው ሚስቴ ኖኤላ እርጉዝ ናት፤ ሰባት ወሯ ነው። ልጁን እዚሁ እናሳድግ ወይስ እንሂድ እያልን ስንጨቃጨቅ ከረምን። በመጨረሻ፣ ኮኩም ከዚህ መሬት ፍሬ ከበላች እንቀራለን ተባባልን። ለእሷ አልነገርናትም።

አያቴ ከኪሷ ትምባሆ ቆንጥራ፣ አንድ ነገር ከመቅጠፏ በፊት እንደ ደንባችን መሬቱ ላይ ታኖራለች። እፎይ እላለሁ። ትምባሆ ለአፈር ክምር አይሰጥም፤ መሬት ብላ ተቀብላዋለች ማለት ነው። ከዚያ ብሉቤሪ ከሚባለው የዱር ፍሬ ቁጥቋጦ ጋ አጎንብሳ አንዷን ፍሬ ትቀጥፋለች። አሸት አድርጋ ታሸታታለች፤ ወደ አፏም ትጨምራታለች።

"እህስ?"

"ይጣፍጣል።" ሌላ ትደግማለች። "አንተ ልጅ፣ ሙያ አለህ ለካ።"

እንባዬ ይመጣል። ምን አሳፈረኝ፣ ደስ ብሎኛል።

ኖኤላም ትስቃለች። "በሉ እኔም ልቅመስ" ብላ አንድ እፍኝ ትለቅማለች። ወደ አፏ ልታደርገው ስትል አያቴ እጇን ትይዛታለች።

"አንቺ ተይው፣ የኔ ልጅ።"

"እርስዎ እየበሉት አይደል እንዴ?"

"እኔማ አርጅቻለሁ።"

ዓይኗ ኖኤላ ሆድ ላይ ነው፤ እጇን አትለቅም። ፍሬዎቹን ከኖኤላ መዳፍ ላይ አንድ በአንድ እያነሳች፣ ወደ እኔ ሳታይ፣ ሁሉንም ትበላቸዋለች።