የወይዘሮ ኩሱማ አወዳደቅ

«ማናለብሽ፣ ነይ እዪልኝ፤ ይቺ እናቴ ናት» አለች ኒሻ፣ ታብሌቱን አልጋው አጠገብ አቁማ።

ማናለብሽ ያጠፈችውን ፎጣ እንደያዘች ተጠጋች። ላለፉት ጥቂት ሳምንታት በየጠዋቱ ከሆላንድ ከተሞች አንዷ ወደሆነችው ስኪዳም እየመጣች የምታጥባቸውና የምታለብሳቸው ወይዘሮ ኩሱማ፣ በጥቁርና ነጭ ፊልም ውስጥ ሳሪ የለበሱ ቆንጆ ኮረዳ ናቸው። ስሪላንካዊት መሆናቸውን ታውቃለች፤ ተዋናይ መሆናቸውን ግን ገና መስማቷ ነው።

«በሀገራችን ቋንቋ በሲንሃላ በሚሠራ ፊልም ሃምሳ ዓመት ሠርታለች። አሁንም ጠዋት ጠዋት የድሮ ገጸ ባሕርያቷን ካልተለማመደች ቀኑ አይነጋላትም» አለች ልጅቱ።

የማናለብሽ ጆሮ ጋለ። እሷ ያንን ልምምድ ሌላ ስም ሰጥታዋለች። አሮጊቷ ብቻቸውን ሲያለቅሱ፣ ወዲያው ሲስቁ፣ ደግሞ በወንድ ድምፅ ሲቆጡ ሰምታ፣ አንድ ቀን ለእንክብካቤ ድርጅቱ አለቃዋም ለልጃቸውም ሳትናገር፣ ግንባራቸው ላይ እጇን ጭና «በኢየሱስ ስም ውጣ» ብላ ገሥጻለች። እሳቸውም ተንቀጠቀጡ፣ ጮኹ፣ ተዘረሩና ጸጥ አሉ። እሁድ ሮተርዳም ባለው ቤተ ክርስቲያኗ ጉባኤ ፊት ቆማ መሰከረች፤ አዳራሹ በእልልታ ቀለጠ። እውነት ለመናገር፣ ከሴትዮዋ መዳን ይልቅ «ጸጋ አለሽ» መባሉ ነበር የጣፈጣት።

ታብሌቱ ላይ አንድ የመንደር አዋቂ የኮረዳዋን ግንባር ነካ። ኮረዳዋ ተንቀጠቀጠች፣ ጮኸች፣ አንገቷን ወደ ግራ ጥላ ተዘረረች። ያው አወዳደቅ ነው፤ የጣቶቿ አከፋፈት እንኳ አልተለወጠም።

ኒሻ ሻይ ልትጥድ ወጣች። ማናለብሽ የአሮጊቷን ዓይን ማየት አቅቷት በተሰባበረ ሆላንድኛዋ ጠየቀች።

«እማማ፣ ያን ቀን... አውቀው ነው የወደቁት?»

«ደክመሽ ነበር። እያለቀስሽም ነበር» አሉ ወይዘሮ ኩሱማ በእርጋታ። «እንዲሳካልሽ ፈለግሁ።»

መሬት ተሰንጥቃ ብትውጣት በወደደች። ቢቆጧት፣ ለአለቃዋ ቢነግሩባት ይቀላት ነበር። ለራሷ፣ ከእንግዲህ እጄን ማንም ላይ አልጭንም አለች፤ ግን ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነውና የእሁዱን ምስክርነት ምን ታደርገዋለች? የዳነችውን ሴት ኑና እዩ ብላ የጠራቻቸው ሰዎች ዛሬ ነው የሚመጡት።

ይህን እያሰበች ሳለ ደወሉ ጮኸ።

«ማናለብሽ!» ኒሻ ከበሩ ተጣራች። «ፓስተር ዮናታን የሚባል ሰውና ሁለት ሴቶች መጥተዋል። እናቴን ለማየት ነው አሉ። ምን ብዬ ላስገባቸው?»

እንግዶቹ ግን ፈቃድ ሳይጠብቁ ገቡ። የእግር ኮቴ በኮሪደሩ እየቀረበ መጣ፤ ከሴቶቹ አንዷ ገና ከሩቁ መዝሙር ጀምራለች።

ወይዘሮ ኩሱማ ተንጠራርተው ክንዷን ያዙ። ፊታቸው በአንድ ጊዜ ሃያ ዓመት ያነሰ መስሏል።

«ቶሎ ንገሪኝ» አሉ በሹክሹክታ። «ለእነሱም ልውደቅ ወይስ ድኜ ልቀመጥ?»

ከዚያ ፀጉራቸውን አስተካክለው፣ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ መልሷን ይጠብቁ ጀመር።